የአምናዋን አስተማሪ መጠየቅ

ጥቅምት 6

ሊፍቱ ዛሬም አይሠራም። ብርቱካኑን በሁለት ፌስታል ተሸክሜ ደረጃውን ወጣሁ። መሃል ላይ ቆም ብዬ አረፍኩ። የታችኛው ፎቅ ጎረቤት በሩን ከፍታ "አይዞዎት" አለችኝ። ማን ፈራሁ አላት?

ልጄ ምሳ ልትበላ መጣች። ሾርባዋን ሳትጨርስ ስልኬን አነሳች፤ ሳትነግረኝ ፎቶ አነሳችኝ። "ፈገግ በይ እንጂ እማ፣ ፈተና ልትፈትኚ የገባሽ ነው የምትመስይው።" ምን እየሠራች እንደሆነ የነገረችኝ ሠርታ ከጨረሰች በኋላ ነው። ሰው በስልክ የሚተዋወቅበት ነገር ጫነችልኝ። ለትልልቅ ሰዎች የተሠራ ነው አለች። አባቷ ከሞተ ወዲህ ከግድግዳ ጋር እንደማወራ ደርሳበታለች፤ ይህ ያስፈራታል። ግድግዳው ግን አንድ ቀን አስቀይሞኝ አያውቅም።

"የምወዳቸው ነገሮች" በሚለው ቦታ "ተፈጥሮ፣ ጉዞና ሳቅ" ብላ ጽፋልኛለች። ሳቅ? ጂኦግራፊ ሳስተምር በክፍሌ ውስጥ የሳቀ ልጅ ውጭ ነበር የሚቆመው።

ጥቅምት 9

አየሁት። ላጠፋው ነበር፤ መጀመሪያ ግን በደንብ ልየው አልኩ። ያላዩትን ነገር መጥላት ስንፍና ነው።

ወንዶቹ ሁሉ በፎቷቸው ላይ መኪና ውስጥ ናቸው። መኪና የሌለው የሰው መኪና ተደግፏል። አንዱ ግማሽ ፎቶ ነው የለጠፈው፤ ትከሻው ላይ የሌላ ሰው ጣቶች ቀርተዋል። የሚስቱ መሆን አለባቸው። ሌላው በጠዋቱ "ሰላም ቆንጆ" ብሎ ጻፈልኝ። በጡረታ ላይ ላለች ሴት! ተማሪዬ ቢሆን ቁጭ በል እለው ነበር።

ጥቅምት 16

ሄድኩ። ለምን ሄድኩ? ልጄ ስለነዘነዘችኝ ነው። የመርከብ ካፒቴን ነበርኩ ያለ ሰው ላገኝ። ካፌው ውስጥ ፈልጌ አጣሁት፤ ፎቶውን የተነሳው በጎልማሳነቱ ነው። እጁን ሲያውለበልብልኝ የካፒቴኑ አባት መስሎኝ ነበር።

ስለ መርከቡ፣ ስለ ጉበቱ፣ ስለ መጀመሪያ ሚስቱ፣ ስለ ሁለተኛዋ... ከዚያ "ምግብ ትችያለሽ?" አለኝ።

"ማኘክ እችላለሁ።"

ሻዬን ሳልጨርስ ወጣሁ። ልጄ "አንድ ጊዜ ብቻ አይተሽ እንዴት ትፈርጃለሽ?" አለችኝ። አንድ ገጽ አንብቤ ተማሪው እንዳላጠና የማላውቅ ከሆነ ጡረታዬን በማታለል ነው የምወስደው ማለት ነው።

ጥቅምት 28

ዛሬ አንዱ ሰላምታ እንኳን ሳያቀርብ ጻፈልኝ። "ፎቶዎ ላይ መነጽርዎ ወደ አንድ ጎን ዘሟል። ብዙ ሲያነቡ አንገትዎን ያምዎታል።"

ድፍረቱ! "ማን ጠየቀዎት?" ብዬ መለስኩ።

"ማንም። መነጽር ሠሪ ነኝ።"

ሌላ ነገር አልጨመረም። ቆንጆ አላለኝም፣ ደህና ዋሉ አላለም። መስታወት ፊት ቆምኩ። ዘሟል… አንገቴንም ያመኛል። ተናደድኩ።

ህዳር 3

የመነጽር ሠሪው ሱቅ አውቶቡስ ማቆሚያው አጠገብ ናት። ጠባብ ናት፣ ግን ንጹሕ። ግድግዳው ላይ ከትልቅ ወደ ትንሽ የሚወርድ የፊደል ሰሌዳ ተሰቅሏል፤ ጠረጴዛው ላይ ዓይን የማይገቡ ብሎኖች በትናንሽ ሳህን። የመነጽሬን እጀታ በሙቅ አየር አለሰለሰው፣ አጎበጠው፣ ጆሮዬ ላይ አስቀመጠው፣ መልሶ አወጣው። ይህን ሁሉ ሲያደርግ አንድ ቃል አልተነፈሰም። ጥርስ ሐኪም እንኳን "አመመዎት?" ይላል።

ሚስቱን ፈትቷል። ጠየቅኩትና "ፈትቻለሁ" አለ። ለምን ስለው "ቆየ" አለ። ለምን ተብሎ ሲጠየቅ ቆየ ይባላል? ሚስቱ የት እንዳለች ግን ነገረኝ፤ ከፖስታ ቤቱ ጀርባ መጋረጃ ትሰፋለች።

አንገቴ ተሻለው። ይህን አልነገርኩትም።

ህዳር 12

አይቷል። አልመለሰም።

ጠዋት ሦስት ጥያቄ ጽፌለት ነበር፤ በሥርዓት፣ አንዱ ከሌላው ተለይቶ። ያ ሰማያዊ ምልክት ወጣ፤ አንብቦታል ማለት ነው። ከዚያ ዝም። ተማሪ ስሙ ተጠርቶ ተነስቶ ዝም ሲል የማላየው ይመስለዋል? ዘመኑ ሰው እንደተናቀ በግልጽ እንዲያውቅ መሣሪያ ሠርቶለታል። ድሮ ቢያንስ ደብዳቤው ጠፍቶ ይሆናል ብለን ራሳችንን እናታልል ነበር።

ህዳር 13

"እሺ" ብሎ ላከ። ለየትኛው ጥያቄ ነው እሺ?

ህዳር 21

አብረን ተራመድን። መንገድ ስንሻገር እጄን ያዘ። ማዶ ደረስን፤ አልለቀቀም።

"መንገዱ አልቋል" አልኩት።

"አይቻለሁ።"

አልለቀቀም። ከዚያ "አንቺ" አለኝ፤ "አንቺ በፍጥነት ነው የምትሄጂው" ብሎ። ማን ፈቀደለት? እኔ እስከ ቤቴ ድረስ እርስዎ እያልኩት ሄድኩ። በሩ ላይ ብቻ "አንተ" አመለጠኝ።

ታህሳስ 1

"ሁለት ቤት ምን ያደርግልናል?" አለኝ። ከሱቁ ጀርባ ሁለት ክፍል አለው። አንዱ ፀሐይ ይገባዋል፣ መጻሕፍትሽን እዚያ ታደርጊያለሽ አለ። ስንት ቀን አስቦበት እንደሆነ እንጃ፤ የመደርደሪያውን ቦታ ሳይቀር ለክቶታል።

እስከ ወሩ መጨረሻ ጠብቀኝ አልኩት። ከዚያ ለምን እንደተፋታ በድጋሚ ጠየቅኩት። ይህን ሳላውቅ እንዴት ልግባ? አንድ የጠራ መስታወት አንስቶ መወልወል ጀመረ። ወለወለ፣ ወለወለ… ንጹሕ ነበር እኮ! ኮቴን አንስቼ ወጣሁ። ዝም አይነቅዝም ያለው ሰው ከእንዲህ ዓይነት ሰው ጋር ኖሮ አያውቅም።

ክፍሉ በእርግጥ ፀሐይ ይገባዋል። ፈልጌዋለሁ። ክፍሉን ማለቴ ነው። ሰውየውንም።

ታህሳስ 4

ለልጄ ነገርኳት። ደስ ይላታል ብዬ… ሞኝ ነኝ።

"ጓደኛ ያዢ አልኩሽ እንጂ ጓዝሽን ያዢ አልኩሽ?"

ስልኬ ላይ የጫንሽው አንቺ ነሽ አልኳት። ለጊዜ ማሳለፊያ ነበር አለች። ሻይ ትጠጪበታለሽ፣ ትስቂበታለሽ ብዬ ነው እንጂ የማናውቀው ሰው ቤት ትገቢያለሽ ብዬ አይደለም አለች። የአባቷን ፎቶ ከግድግዳው አውርዳ ደረቷ ላይ አቀፈችው። ልትወስደው ነው። የኔን ባል! እኔ አላወረድኩትም፣ አወርደዋለሁም አላልኩም።

"ስለ ሰውየው ምን ታውቂያለሽ? አንድ ነገር ንገሪኝ።"

መነጽር ይሠራል ልበላት? ፎቶውን ይዛ ሄደች። ሚስማሩ ብቻ ቀርቷል።

ታህሳስ 9

አስቤበታለሁ።

አዲስ ልጅ ወደ ክፍሌ ሲዛወር ልጁን ራሱን አልጠይቅም ነበር፤ ልጅ ስለራሱ ይዋሻል፣ ወይም አያውቅም። እናቱንም አልጠይቅም፤ እናት ሁሌ ትዋሻለች። የአምናዋን አስተማሪ ነበር የምጠይቀው። በእረፍት ሰዓት ሻይ ይዤላት ሄጄ "ይህ ልጅ እንዴት ነው?" እላታለሁ። በአሥር ደቂቃ ውስጥ ሁሉን አውቅ ነበር። አንድም ቀን አላሳሳተኝም። ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ።

የሳሎን መጋረጃዬን አወረድኩ። ነገ ወደ መጋረጃ ሰፊዋ እሄዳለሁ። ነውር ነው? ነውርስ አስፍቶ ጠይቆ መግባት ነው ወይስ ዓይንን ጨፍኖ መግባት?

ታህሳስ 10

ሴትዮዋ አጭር ናት። መርፌዎቹን ከንፈሯ ላይ ይዛ ታወራለች። መጋረጃዬን ዘረጋሁላት፤ ላሳጥረው ፈልጌ ነው አልኳት።

መሬት ይነካል ወይ ብላ ጠየቀችኝ። አይነካም አልኩ። ያምራል ወይ አለች። ያምራል።

"ታዲያ ምኑን ነው የማሳጥርልዎት?"

መልስ አጣሁ። እኔ፣ መልስ! ማን እንደሆንኩ ነገርኳት። መርፌዎቹን አንድ በአንድ አውጥታ የመርፌ መሰኪያ ትራሷ ላይ ሰካች። እርስዎ ማለቱን የተወችው በዚያው ነው።

"ዋስ ፍለጋ ነዋ የመጣሽው።"

ከመሸሸግ ይሻላል ብዬ ልማዴን ነገርኳት፤ ስለ ተዛወረ ልጅ፣ ስለ አምናዋ አስተማሪ። እስክታስላት ድረስ ሳቀች።

"እንግዲህ የአምናዋ አስተማሪ እኔ ነኛ።" ወንበር ገፋችልኝ። "ተቀመጪ። ልጁ አይሰክርም። እጁን አያነሳም። ሲጠሩት ይመጣል። ግን ዝም ይላል። ስትቆጪው ዝም። ስታለቅሺበት ዝም። አንድ ቀን ሳህን ወረወርኩበት፤ ስብርባሪውን ጠርጎ፣ እግርሽን እንዳይወጋሽ ብሎ ጫማዬን አቀብሎኝ ተኛ። አንድ ቀን ቢጮህብኝ ኖሮ ዛሬም እዚያው ነበርኩ።"

ጥፋቱ የእሱ ነዋ አልኳት። የምትስማማ መስሎኝ።

"አምና የወደቀ ልጅ ሲመጣልሽ የጠየቅሽው ስለ ልጁ ብቻ ነበር? ያስተማረችው ሴት እንዴት ያለች እንደነበረች ጠይቀሽ ታውቂያለሽ?"

አላውቅም። ይህን ግን አልነገርኳትም። ለእሷ ብዬ?

መጋረጃዬን አጥፋ እቅፌ ላይ አስቀመጠችው። "ውሰጂው። ምንም አልሆነም" አለች። መንገዱን ሙሉ ስሰድባት መጣሁ።

ታህሳስ 11

ከቁጣዬ ስበርድ… የፈለግኩትን አግኝቻለሁ አይደል? ክፉ ሰው አይደለም። ዝምተኛ ነው። ይህን ደግሞ ሳልሄድም አውቅ ነበር።

ታህሳስ 18

ዛሬ አንድ መልእክት ብቻ ላከ።

"ስንት አገኘሁ?"

መጀመሪያ አልገባኝም። ከዚያ ገባኝ። ሴትዮዋ ዓይኗን የምትመረመረው እሱ ጋ መሆን አለበት! የተፋቱ ሰዎች አይተያዩም ብዬ ነበር የገመትኩት። ማን አለኝ? በመርፌ የምትኖር ሴት፣ በከተማው ውስጥ ጎበዝ መነጽር ሠሪ እያለ፣ ወዴት ትሄዳለች? ዛሬ ስትመጣ እያሾፈች ነግራዋለች።

ረጅም መልስ ጻፍኩለት። ምክንያቴን በቅደም ተከተል አስረዳሁ። የምገባው ሕይወቴን ይዤ እንደሆነ ጻፍኩ፤ ሁለቴ ጠይቄው እንዳልመለሰልኝም።

ሰማያዊ ምልክት።

ዝም።

ታህሳስ 30

ወሩ አለቀ። መልሴን የምሰጥበት ቀን ዛሬ ነበር። የሚጠይቀኝ የለም።

ልጄ የአባቷን ፎቶ መልሳ ሰቀለችው። "ይሻላል እማ፣ ተገላገልሽ" አለችኝ፤ ኬክ ሁሉ ይዛ መጥታ ነው። ለሰው ለቅሶ ኬክ ተይዞ ይመጣል? አልበላም አልኳት። ከሄደች በኋላ በላሁ፤ በንዴት።

ጥር 5

ይቅርታ ልጠይቅ? ለምኑ? ያልተነገረኝን ፍለጋ ሄድኩ። ራሱ ነግሮኝ ቢሆን በሷ በር ምን ላደርግ ነበር?

ግን ሌላም ነገር አለ… እኔ የተዛወረውን ልጅ ስም ይዤ መምህራን ክፍል ስገባ፣ ልጁ በር ላይ ቆሞ ቢሆንስ ኖሮ? ቢሰማንስ?

አይ፣ ይህ ሌላ ነው። ሌላ ነው?

ጥር 9

ሄድኩ። ሱቁ ውስጥ አንድ ደንበኛ አገጩን መመርመሪያው ላይ አድርጎ ተቀምጧል። መነጽር ሠሪው በማዶ ሆኖ ዓይኑን ያያል። ስገባ ቀና አለ፣ አየኝ፣ ወደ ሥራው ተመለሰ።

"እዚያ መሄድ አልነበረብኝም" አልኩ። በመንገድ ላይ ያዘጋጀሁት ይህን ብቻ ነው። ዝም አለ። ዝም ሲል ይቅርታዬ ተመልሶ ቁጣ ሆነ።

እሷ ሳህን ወርውራ ሄደች፤ እኔ ሳህን አልያዝኩም፣ አልሄድምም አልኩት። ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ደንበኛው አገጩን ሳያነሳ "እኔ ልውጣ?" አለ።

"አይንቀሳቀሱ" አልን ሁለታችንም።

ከዚያ ተናገረ። መጀመሪያ ቀስ ብሎ፣ እጁ መሣሪያው ላይ እንዳለ። በኋላ ድምፁ ከፍ አለ። ከዚያም አውቶቡስ የሚጠብቁት ሁሉ ወደ እኛ ዞሩ።

"ስለ እኔ ከእኔ በቀር ሁሉንም ጠየቅሽ!"

አንተን ጠይቄ ነበር አልኩት።

"ጠየቅሽ። ከዚያ ኮትሽን አነሳሽ። እኔ ለመናገር ቀን ይፈጅብኛል፣ ቲቸር። አንዳንዴ ሳምንት። አንቺ እጁን ቶሎ ያላወጣውን ታልፊያለሽ። መልእክት ስልክልሽ ይህ ለየትኛው ጥያቄ ነው ትያለሽ። እጅሽን ስይዝ መንገዱ አልቋል ትያለሽ። እኔ ሰው ነኝ፤ ስትፈልጊ ልትደመድሚብኝ የተዛወርኩ ልጅ አይደለሁም።"

ዝም ብለህ ስለቆየህ ነው ሚስትህ የሄደችው አልኩት። ክፉ ነገር ነው የተናገርኩት። አውቄ ነው።

መነጽሩን አወለቀ። ያለ መነጽር አይቼው አላውቅም፤ ዓይኑ ትንሽ ነው፣ የደከመ ነው።

"እንደምትሄድ ስላወቅኩ ነው ዝም ያልኩት። ብናገር ቶሎ ትሄዳለች ብዬ።" ተነፈሰ። "እሷ እንኳን ይህን አታውቅም። አሁን ሂጂና ንገሪያት።"

ምንም አልመለስኩም። ለመጀመሪያ ጊዜ መልስ ጠፍቶኝ ሳይሆን፣ ተናግሮ እንዲጨርስ ብዬ። ደንበኛው አገጩን መመርመሪያው ላይ እንዳደረገ ነው። ዓይኑ እንባ አቅርሯል፤ ብርሃኑ ይሆናል።

ጥር 12

ጻፍኩለት። "ልመጣ ነው።"

አይቷል። ሰማያዊው ወጣ… ስልኩን መሳቢያ ውስጥ ከተትኩት። 

ጥር 13

ከሰዓት በኋላ መለሰ። "መደርደሪያውን ለመጻሕፍቱ አጠብቃለሁ። አሁንም ተናድጄብሻለሁ።"

ይህ መልስ ነው። እኔም ተናድጄበታለሁ፤ አልጻፍኩለትም እንጂ።

ጥር 27

ገባሁ። ልጄ ዕቃ ስናወጣ አልመጣችም። ደወልኩላት፣ አላነሳችም።

መደርደሪያው በጣም ከፍ ብሎ ነው የተሰቀለው። ነገርኩት። ዝም አለ። ዝም አልኩ፤ ምላሴን ነክሼ። ማታ እራት ላይ፣ ሌላ ወሬ ስናወራ፣ "ከፍ አይልም፤ አንቺ ነሽ አጭር" አለ። ለመመለስ የፈጀበት ሰዓት! ተጣላን። ጠዋት አውርዶ ዝቅ አድርጎ ሰቀለው፤ አኩርፎ። አላመሰገንኩትም። ፀሐዩ ግን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ድረስ ከጠረጴዛው ላይ አይወርድም።

የካቲት 8

ልጄ ዛሬ ደወለች። ከዚያን ቀን ወዲህ የመጀመሪያዋ ነው። ድምፅዋ ቀዝቃዛ ነው፤ ግን ደወለች። እንዴት እንደሆንኩ እንኳን ሳትጠይቅ ጀመረች። ሰውየው እንዴት ነው? ይቆጣሻል? ሚስቱ ለምን ትታው ሄደች? ያልነገርሽኝ ነገር አለ አይደል?

መልሱን አውቀዋለሁ። ሁሉንም አውቀዋለሁ። በሥርዓት፣ በቅደም ተከተል ልነግራት እችል ነበር፤ አፌም ተከፍቶ ነበር።

"እኔን አትጠይቂ፤ እሱ እዚሁ ነው" አልኳት። ስልኩን ዘረጋሁለት።

እጁ ላይ ያለውን ብሎን አስቀመጠ። ስልኩን እንደ ጋለ ነገር ነው የያዘው። ከዚያ "ደህና ነሽ?" አለና ስልኩን ይዞ ወደ ሱቁ ወጣ። በሩን ከኋላው ዘጋው።

ድምፁ ይሰማኛል፣ ቃሉ አይሰማኝም። አንዴ ከፍ አለ። እሷን ነው የሚቆጣው? እሷ ናት የምትቆጣው? ከዚያ ረጅም ዝምታ። ከዚያ ደግሞ ድምፁ።

ሻዩ ቀዘቀዘ። ሲመለስ ጆሮው ቀልቷል። ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ፤ ብሎኑን ፈልጎ አነሳ፤ ሥራውን ቀጠለ።

ምን እንዳለችው አልጠየቅኩትም።